አሮጌውን ፕለጊን ስለ ማምለክ

በኮምፒዩተር ሙዚቃ ከሚያቀናብሩ ሰዎች መካከል አንድ አስተሳሰብ እንደ ቀኖና ጸንቶ ይታያል፤ ይኸውም ስታይንበርግ የተባለው የጀርመን ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1999 የቪኤስቲ ፕለጊን ሥርዓቱን ሁለተኛ ዕትም ካወጣ ወዲህ እንደ አሸን የፈሉት የሶፍትዌር ሲንተሳይዘሮች (ፕለጊኖች)፣ የዛሬዎቹ የተነፈጉት ነፍስና ሙቀት አላቸው የሚለው ነው። ያላዩት አገር አይናፍቅም ሲባል እንሰማ ነበር፤ ይህን ናፍቆት ከሚሰብኩት አያሌዎቹ ግን በዚያ ዘመን ገና ፊደል ያልቆጠሩ ሕፃናት ነበሩ።

ለመሆኑ ሙቀት የሚባለው ነገር ምንድን ነው? ድምፅን በሴኮንድ 44,100 ጊዜ እየለካ የሚመዘግብ ኮምፒዩተር ከ22,050 ኸርዝ በላይ ያለውን ንዝረት ሊይዝ አይችልም፤ የሶፍትዌሩ ሠሪ አስቀድሞ ካልከለከለውም ያ ትርፍ ንዝረት በመጥፋት ፈንታ ወደ ታች ታጥፎ ይመለሳል። ስለዚህ መሠረቱ 4,000 ኸርዝ የሆነ፣ ሞገዱም እንደ መጋዝ ጥርስ የሾለ ድምፅ ሲመታ፣ 40,000 ላይ ሊያርፍ የሚገባው አሥረኛው ሃርሞኒክ በ4,100 ላይ ተገኝቶ ከመሠረቱ ጎን ይንጫጫል፤ ዜማው ሽቅብ ሲወጣም ይህ ሐሰተኛ ድምፅ ቁልቁል ይወርዳል። በዚያ ዘመን ብዙዎቹ ሠሪዎች ይህን በከፊል የታገሡት የኮምፒዩተሩ አቅም ከዚያ የረቀቀ ስሌት ስላልፈቀደላቸው እንጂ ምሥጢር ተገልጦላቸው አይደለም። ሙቀት የተባለውን ይህን ጉድለት የወደደ ይውደደው፤ በስሙ ይጥራው እንጂ።

ነገሩን ይልቁንም አስቂኝ የሚያደርገው የእነዚህ መሣሪያዎች የዘር ሐረግ ነው። የኔቲቭ ኢንስትሩመንትስ ፕሮ 53 እ.ኤ.አ. በ1978 የወጣውን ፕሮፌት 5 የተባለ የአናሎግ ሲንተሳይዘር ለመምሰል የተሠራ ነው፤ ጃፓናዊው ኢቺሮ ቶዳ በነፃ የሚያድለው ሲንዝ 1 አርአያ ያደረገው ደግሞ ኖርድ ሊድ 2ን ሲሆን፣ እርሱም ያ ቀዩ የስዊድን ኪቦርድ፣ ራሱ ዲጂታል ሆኖ አናሎግን የሚያስመስል ነውና፣ ሲንዝ 1 የቅጂ ቅጂ መሆኑ ነው። በወጡበት ጊዜ የአናሎግ ወዳጆች «በድን» ያሏቸው እነዚሁ ፕለጊኖች ዛሬ «ነፍስ ያላቸው» ሲባሉ ከውስጣቸው ነፍስ የሚዘራባቸው ለውጥ አልተደረገም፤ የተለወጠው የሰሚው ዕድሜ ነው።

ሙዚቀኛው አቶ ኃይሉ መርጊያ እ.ኤ.አ. በ1985 «ሸሞንሟናዬ» የተሰኘውን አልበማቸውን በአኮርዲዮንና በኤሌክትሮኒክ መሣሪያዎች ሲያሳትሙ፣ ከመሣሪያዎቻቸው አንዱ የሆነው ያማሃ ዲኤክስ 7 ገበያ ከወጣ ሁለት ዓመት ቢሆነው ነው። እንግዳ፣ ያውም ፍጹም ዲጂታል ነበር፤ እርሳቸው ግን እስኪያረጅ አልጠበቁትም። ያንን ዲኤክስ 7 የሚመስለው ኤፍኤም 7 የተባለው ፕለጊን ዛሬ በተራው የጥንት ቅርስ ተብሎ ሲወደስ ስሰማ፣ ውዳሴው ለተጫዋቹ ጣቶች ይገባ እንደ ነበር ሳላስብ አላልፍም።

ለአሮጌዎቹ አንድ ምስክርነት ብነፍጋቸው ግፍ ይሆንብኛል። ሲንዝ 1ን የከፈተ ሰው ማዞሪያዎቹን ሁሉ በአንድ ገጽ ያያል፤ ከተዘጋጁ ብዙ ሺህ ድምፆች መካከል ሲማስን አያመሽም፤ አንድ መስመር ዜማ ሳይጽፍም አይተኛም። ይህ ግን የቁጥብነት እንጂ የእርጅና ትሩፋት አይደለም፤ ነገ የሚሠራውም ሊቆጠብ ይችላል።

እኔን የሚያሳዝነኝ በውዳሴው ብዛት እውነተኛው አቤቱታ መሸፈኑ ነው። አፕል እ.ኤ.አ. በ2019 ካታሊና በተባለው ሥርዓቱ ባለ 32 ቢት ፕሮግራሞችን ሲዘጋ፣ በእነዚያ የተቀናበረ ሥራ ሁሉ አሮጌ ኮምፒዩተር ላላስቀመጠ ሰው እንደ ነበረ የማይከፈት ሆነ። ፕሮፐለርሄድ የተባለው ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2005 ሪበርዝ የተባለ ሶፍትዌሩን ሲተው ለፈለገው ሁሉ በነፃ ለቅቆት ነበር፤ ሌላው ኩባንያ ሽያጩን ባቆመ ቀን ሶፍትዌሩን ጠብቆ ለሚያኖረው እንዲያስረክብ የማይጠየቅበት ምክንያት አይታየኝም። ስለ ሙቀት የሚሟገተው ሰው ከዚያ ጉልበቱ እኩሌታውን ለዚህ ጥያቄ ቢያውለው፣ የሚያመልከው ሶፍትዌር ቢያንስ በሚቀጥለው ኮምፒዩተሩ ላይ ይከፈትለት ነበር።