ፊልሙን የሠራ ገበያውንም ያስብ

ወናጎ ላይ ቡና የሚያመርት ሁሉ ያውቀዋል፤ እሸቱን ለቅሞ ገዢ ያጣ ሰው ድካሙ እጁ ላይ ይበላሻል። ፊልምም እንደዚያው ነው።

ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን እንመልከት። ጎንደር ተወልደው፣ ልጅ ሳሉ በጸሐፌ ተውኔት አባታቸው ቡድን ውስጥ ተውነዋል። ወደ ቺካጎ ያቀኑትም ትወና ሊማሩ ነበር። ለጥቁር ተዋናይ የሚሰጠው የአገልጋይነት ሚና ሲያስመርራቸው ግን ሎስ አንጀለስ ገብተው ፊልም ተማሩ፤ ጸሐፊውም አዘጋጁም ራሳቸው ሆኑ።

እ.ኤ.አ. በ1993 «ሳንኮፋ»ን ሲያጠናቅቁ የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊታቸውን አዞሩባቸው። እሳቸውና የሥራም የትዳርም አጋራቸው ሽሪኪያና አይና አዳራሽ ተከራይተው ፊልሙን ራሳቸው አሳዩ። ሰው ለሰው እየነገረ ፊልሙ ከከተማ ከተማ ዞረ። ኋላም በዋሽንግተን በዚሁ ስም የመጻሕፍትና የፊልም መደብር ከፈቱ።

መንገዱ ዋጋ ያስከፍላል። ቀጣዩ ትልቅ ልብ ወለድ ፊልማቸው «ጤዛ» የታየው ከ15 ዓመት በኋላ በ2008 ነው፤ በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማት አገኘ።

በማርኬቲንግ ሥራዬ «ጥሩ ዕቃ ራሱን ይሸጣል» ሲባል እሰማለሁ። አይሸጥም፤ የሚሸጠው ሰው ነው። ወናጎና ዲላ ሆናችሁ በስልካችሁ የምትቀርጹ፣ የምትጽፉና የምትተውኑ ወጣቶች፣ ቀረጻ ሳትጀምሩ ሦስት ነገር ጻፉ፦ ማን ያየዋል? የት? በስንት ብር? ወላጆችም ልጃችሁ አዳራሽ ሲከራይ በር ላይ ቆማችሁ ትኬት ቁረጡለት።