ስለ ግመል ሀብትና ስለ ሥጋው ንግድ

የግመል ነገር በደጋው ሹማምንት ዘንድ እስከ ዛሬ ድረስ እንደ ሩቅ አገር ነገር ሲቈጠር ኖሯል። ምክንያቱም የታወቀ ነው፤ በኦሪት ዘሌዋውያን በምዕራፍ 11 ግመል ከማይበሉት እንስሳት ስለ ተቈጠረ፥ እኛ ክርስቲያኖች ሥጋውን አንቀምስም፤ የማንቀምሰውንም ነገር ዋጋውን ለመጠየቅ አንተጋም። ነገር ግን መንግሥት የሚያስተዳድረው የማይበላውንም የሚበላውንም ሕዝብ ነውና፥ የሶማሌ፥ የአፋር፥ የከረዩና የቦረና ሰው ሀብት የአገር ሀብት መሆኑን ልንዘነጋ አይገባም።

ለቸልታችን ምስክሩ ቈጠራው ነው። በ2010 ዓ.ም. በወጣው የመንግሥት ጥናት የአገሪቱ ግመል ሁለት ሚሊዮን አይሞላም ነበር፤ በ2013 ዓ.ም. ግን 8 ሚሊዮን ያህል ሆኖ ተጻፈ። ይህን ያየ ሰው ግመል በሦስት ዓመት አራት እጥፍ ሆነ ብሎ ይደነቅ ይሆናል። ግመል ግን እንዲህ አይራባም። ሴቲቱ መውለድ የምትጀምረው ዐምስት ዓመት ገደማ ሲሆናት ነው፤ እርግዝናዋም 13 ወር ያህል ነው፤ ከአንዱ ወሊድ እስከ ሁለተኛው ሁለት ዓመትና ከዚያም በላይ ይፈጃል። እንግዲህ የበዛው የቈጣሪው እግር ነው እንጂ ግመሉ አይደለም፤ ቀድሞ በአፋርና በሶማሌ ብዙ አውራጃዎች ከብቱን ተከትሎ የሚዘዋወረው ሕዝብ ከጥናቱ ውጭ ይቀር ነበርና።

በእውነት ግመል የተስፋፋበት አገር ግን አለ፤ ይኸውም ቦረና ነው። ቦረና ከጥንት ጀምሮ የላም ሰው ነበር። ድርቅ ሲደጋገምበት ጊዜ ግን ላሟ ሣር አጥታ ስትወድቅ ግመል የግራርና የቍጥቋጦ ቅጠል እየቀነጠበ፥ ውሃም ሳይጠጣ ብዙ ቀን እየሰነበተ ሲድን ስላየ፥ ግመል ማርባትን ከጎረቤቶቹ ተማረ። ከ2013 ዓ.ም. መጀመሪያ ጀምሮ ዐምስት ዝናም በተከታታይ በቀረ ጊዜ የላሙን ሬሳ በየሜዳው ያየ ሰው ይህን ጥበብ አይነቅፍም።

ወደ ንግዱ ስንመጣ፥ ከባቢሌ፥ ከጅጅጋና ከሞያሌ ገበያ የሚወጣው ግመል አብዛኛው በሕይወቱ ይሄዳል፤ አንዱ በበርበራ ወደብ ወደ ዓረብ አገር፥ ሌላው በመተማ በኩል በሱዳን አልፎ ወደ ግብጽ። ከእርሱ ጋር ቆዳው፥ የአራጁ ደመወዝና የሐኪሙ ሥራ አብሮ ይወጣል። የሙያ ጕድለት አለብን እንዳይባል፥ ከሞጆና ከቢሾፍቱ ቄራዎች የበግና የፍየል ሥጋ በብርድ ተጠብቆ ወደ ሳዑዲ ዓረቢያና ወደ ዱባይ ይላካል። የግመል ሥጋ ግን ከባድ መሣሪያ የሚሻ ከመሆኑም በላይ፥ ያረጀው ጅማታም ስለሆነ ገዢው ወጣቱን ወንድ ይመርጣል። አርቢው ደግሞ የሚሸጠው ሲቸግረው ነው እንጂ ነጋዴ ሲፈልግ አይደለም፤ በዚህም አልወቅሰውም፤ መንጋው ባንኩ ነውና። ወንዱን በአራት ወይም በዐምስት ዓመቱ ይሽጥ ብሎ በዐዋጅ ማስገደድ ከንቱ ነው፤ ዋጋው ደኅና ሲሆን ራሱ ያመጣዋል።

ዋጋውን የሚያበላሸው ምንድን ነው ቢባል፥ በእኔ አስተያየት ከሁሉ በፊት ኬላው ነው። ነጋዴ ለአንድ ግመል በየወረዳው ተደራራቢ ቀረጥ ሲጠየቅ በሌሊት በጫካ መንገድ ይነዳል፤ ያን ጊዜ ቀረጡም ይቀራል፥ በሽታም ሳይመረመር ያልፋል። በ1993 ዓ.ም. ሳዑዲ ዓረቢያ ስለ ስምጥ ሸለቆ ትኩሳት ከአፍሪቃ ቀንድ የሚመጣውን ከብት ብዙ ዓመት በከለከለች ጊዜ፥ ጕዳቱ የደረሰው በድብቅ በነዳው ብቻ ሳይሆን በሕጋዊውም ላይ ነበር። በሚያዝያ 2015 ዓ.ም. በሱዳን ጦርነት ሲነሣም የምዕራቡ መንገድ ታወከ፤ በአንድ በር ብቻ የሚታመን ነጋዴ እንዴት እንደሚቸገር ታየ።

ስለዚህ ክቡራን ገዢዎችና ሹማምንት ሆይ፥ በየግዛታችሁ ቀረጥ በአንድ ስፍራ ተከፍሎ ደረሰኙ እስከ ጠረፍ ድረስ እንዲታወቅ ብታደርጉ፥ የከብት ሐኪምም በገበያው ቀን ከገበያው እንዳይለይ ብታዝዙ መልካም ነው። ቈጠራውንም ዝናም በሌለበት ወራት፥ መንጋው ሁሉ በጕድጓዱ አፍ በሚሰበሰብበት ጊዜ፥ ከጎሣው ሽማግሌዎች ጋር ሆናችሁ አድርጉት። በዝናም ወራት የሚላክ ቈጣሪ ባዶ ሜዳ ቈጥሮ ይመለሳል።