የተዋናይት ደመወዝና የካሴት ነጋዴዎች

በቪዲዮ ካሴት ተቀርጾ በቀጥታ ወደ ገበያ ይወጣ የነበረውን ፊልም የሚንቁ ሰዎች ብዙዎች ናቸው። በሲኒማ ቤት ያልታየ ሥራ ከሥራ አይገባም፤ በእርሱ የጀመረችም ሴት ከተዋናዮች አትቈጠርም ይላሉ። ይህ ንግግር የናይጄሪያን ነገር ካለማወቅ የመጣ ነው።

በዚያ አገር ሲኒማ ቤቶች በተዳከሙበት ዘመን፥ እንደ ኤውሮፓ አቈጣጠር በ1992 ዓ.ም.፥ ኬኔት ንነቡዌ የተባለ ነጋዴ «ሊቪንግ ኢን ቦንዴጅ» የተባለውን ፊልም በኢግቦ ቋንቋ አሠርቶ በካሴት ሸጠ። ከዚያ ወዲህ በሌጎስ ያለው የኢዱሞታ ገበያ የፊልም ገበያ ሆነ። ዩኔስኮ እንዳስታወቀው በ2006 ናይጄሪያ 872 ፊልም ስታወጣ አሜሪካ ያወጣችው 485 ነበር።

ጄኔቪቭ ናጂ ሙያዋን የተማረችው በዚህ ገበያ ነው። በ8 ዓመቷ «ሪፕልስ» በተባለው የቴሌቪዥን ድራማ ታይታ፥ በ1998 «ሞስት ዎንትድ» በተባለው ሥራ ወደ ፊልም ገባች። የካሴት ፊልም በጥቂት ቀን ተቀርጾ የሚያልቅ ስለ ነበረ ተዋናይት ከአንዱ ወደ ሌላው ትሮጥ ነበር፥ ስሕተቷንም የምታርምበት ጊዜ አልነበራትም። ሥራው ሁሉ ያማረ ነበር የሚል የለም፤ ድምፁ የሚሻክር፥ ታሪኩም ሁለተኛ ክፍል ለመሸጥ ሲባል ያለ ስፍራው የሚቈረጥ ብዙ ነው። ይህ ግን የነጋዴው ፍርድ ነው እንጂ የተዋናይቱ ጥፋት አይደለም።

ነጋዴው የዝነኛዋን ፊት በካሴቱ ሽፋን ላይ ያትም የነበረው ገዢው እርሱን አይቶ እንደሚያነሣ ስለሚያውቅ ነበር። ሆኖም በ2004 ነጋዴዎቹ ተባብረው፥ ዋጋ አበዛችሁ ሲሉ ጄኔቪቭንና ሌሎች ስመ ጥር ተዋናዮችን ከሥራ አገዱ። አበዛችሁ ማለት ከምን ተመዝኖ ነው? ስንት ካሴት እንደ ተሸጠ የሚያውቀው ነጋዴው ነበር፤ ተዋናይቱ ግን አንድ ጊዜ ተከፍሏት ትሰናበት ነበር። ዋጋው የከበደው ነጋዴ እርሷን ላለመቅጠር መብት ነበረው፤ ሌላውም እንዳይቀጥራት ተማምሎ በር መዝጋት ግን ንግድ ሊባል አይገባውም። ካሴት እየሰረቁ የሚያባዙ ሰዎች ነጋዴዎቹን መጉዳታቸው እውነት ነው። ታዲያ የሌባውን ዕዳ ተዋናይቱ ስለ ምን ትከፍላለች?

በ2005 የአፍሪካ ፊልም አካዳሚ ለዋና ሴት ተዋናይ የሚሰጠውን ሽልማት ተቀበለች። በ2018 ደግሞ «ላይንኸርት»ን ራሷ አዘጋጅታ ራሷ ተጫወተችበት፤ የዓለም መብቱንም ኔትፍሊክስ ገዛው። ካሴት ናቂዎቹ ይህን ሥራዋን ያመሰግናሉ፤ እጇ የት እንደ ተፍታታ ግን አይጠይቁም።