ንስሐ አንገት መድፋት አይደለም

በ16ኛውና በ17ኛው መቶ ዘመን እንግሊዛውያን ሴቶች የጻፉትን የንስሐ ግጥም ብዙዎች በአንድ ቃል ያልፉታል፦ ለቅሶ። «በድያለሁ፣ ማረኝ» ከማለት ሌላ ምን አሉ? ይላሉ። ይህ የሰነፍ ንባብ ነው።

የአን ሎክን ታሪክ እንይ። ንግሥት ሜሪ ፕሮቴስታንቶችን በእሳት ታስቀጣ በነበረበት ዘመን፣ በ1557 እ.ኤ.አ.፣ ባሏን ለንደን ትታ ሁለት ሕፃናት ልጆቿን ይዛ ወደ ጄኔቫ ተሰደደች። ሴት ልጇ እዚያ በደረሱ በቀናት ውስጥ ሞተችባት። በ1560 የካልቪንን ስብከቶች ተርጉማ ስታሳትም፣ ከመጽሐፉ መጨረሻ 26 ሶኔቶች ታከሉ። ከእነዚህ 21ዱ የዳዊትን የንስሐ መዝሙር ተከትለው የተጻፉ ናቸው፤ በግዕዙ ዳዊት 50ኛውን፣ የኢትዮጵያ ምእመን በቃሉ የሚደግመውን። ሼክስፒር ገና አልተወለደም። በእንግሊዝኛ የመጀመሪያው ተከታታይ ሶኔት የሚባለውም ይኸው ነው።

መጽሐፉ ላይ ግን ሙሉ ስሟ የለም፤ ያለው «ኤ. ኤል.» ብቻ ነው። ግጥሞቹም ከወዳጅ የተገኙ ናቸው የሚል ማስታወሻ አላቸው። ይህን ይዘው የእሷ መሆናቸውን የሚጠራጠሩ ምሁራን አሉ። አብዛኞቹ ግን የእሷ ናቸው ይላሉ።

አሁን ወደ ቁም ነገሩ። ያ መዝሙር የማን ነው? የኦርዮን ሚስት ወስዶ ባሏን ያስገደለ ንጉሥ ነው። መድረክ ላይ ቆማ እንድትሰብክ ያልተፈቀደላት ሴት የንጉሡን «እኔ» ተዋሰች፤ ያለ ባል፣ ያለ ቄስ፣ በቀጥታ ከፈጣሪዋ ጋር ተነጋገረች። ይህ አንገት መድፋት ከሆነ፣ ቀና ማለት ምን ሊሆን ነው?

«ንስሐው ሴቶችን በሔዋን በደል አስሯል» የሚል ክርክር ይነሳል። እውነት አለው፤ በሎክ ግጥም ውስጥ ያለው ፍርሃት ቀላል አይደለም። ነገር ግን ኤሚሊያ ላንየር በ1611 ባሳተመችው ግጥም የጲላጦስን ሚስት አናገረቻት፦ ሔዋን የሳተችው ባለማወቅ ነው፤ ክርስቶስን ለሞት የሰጡት ግን ወንዶች ናቸው፤ እንግዲያው የሴቶች ነጻነት ይመለስ። በደልን መመርመር የለመደ አእምሮ የከሳሹንም መዝገብ መግለጥ ያውቃል።

እነዚህን ሴቶች አልቃሽ ብሎ የሚያልፋቸው ሰው የሚሰማው እንባውን ብቻ ነው። ክሱንም ያድምጥ።