በወር ስንት ነው?

ባለፈው ቅዳሜ ሲልቨር ስፕሪንግ አካባቢ የቤት ምርቃት ተጠርቼ ሄጄ ነበር። ቄሱ ጸበል ረጭተው፣ ድፎው ተቆርሶ፣ እንግዳው በካልሲው ከቤዝመንት እስከ ላይኛው ፎቅ ጎብኝቶ ሲመለስ ከየሰዉ አፍ የሚወጣው ጥያቄ አንድ ነው፤ «በወር ስንት ነው?» ባለቤቱ ወዳጄ ነው፤ ሳይሰለች ይመልሳል። «ታክሱንና ኢንሹራንሱን ሳይጨምር 2,528።» ጠያቂው ጣሪያውን አየት አድርጎ በሆዱ ከራሱ ኪራይ ጋር ያስተያያል። «አይከፋም! ኪራዩም እኮ እዚያው ገብቷል» ይልና ወደ ምግቡ ይዞራል።

እኔም ጠይቄያለሁ። መኪና ስንገዛም ሶፋ ስንገዛም የምንጠይቀው ይህንኑ ነው፤ ደላላውም አበዳሪውም ይህን ስለሚያውቁ ገና ሳንጠይቅ መልሱን አዘጋጅተው ይጠብቁናል። ደመወዝተኛ ዓለሙን በወር ቢለካ አይፈረድበትም። ከዚያ ሁሉ እንግዳ መሀል ሌላ ጥያቄ የጠየቁ አንድ ሰው ብቻ ነበሩ፤ ሁላችንም ጋሼ የምንላቸው፣ ሰሜን ሸዋ ተወልደው ያደጉ፣ ልጃቸውን ሊጠይቁ የመጡ አዛውንት። «ታዲያ በስንት ያልቃል?» አሉ። ወዳጄ «በ30 ዓመት» አላቸው። «ዓመቱን አይደለም፤ ገንዘቡን ነው የጠየቅሁህ» አሉት። ቤቱ ውስጥ መልሱን የሚያውቅ አልነበረም፤ ባለቤቱን ጨምሮ።

ሂሳቡ ከባድ ሆኖ አይደለም። ወዳጄ የተበደረው 400 ሺህ ዶላር ነው፤ ወለዱ የማይለዋወጥ 6.5 በመቶ፣ ዘመኑ 30 ዓመት። 2,528ን በ360 ወር ማባዛት ነው። 910 ሺህ ይመጣል። ከዚህ ውስጥ 510 ሺሁ ወለድ ነው። አንድ ቤት ለራሱ፣ አንድ ቤት ከነጓሮው ለአበዳሪው ገዝቷል ማለት ነው። ቋንቋችን ይህን ነገር «ወለድ» ያለው ገንዘብ ገንዘብን ስለሚወልድ ይመስለኛል፤ እዚህ ግን ልጆቹ እናታቸውን አጥለቀለቋት።

ከድምሩ ይልቅ እኔን ያስደነገጠኝ አካሄዱ ነው። የመጀመሪያው ወር ክፍያ ሲላክ 2,167 ዶላሩ ለወለድ ይሄዳል፤ ከዕዳው ላይ የሚነሣው 361 ብቻ ነው። ማንም አላጭበረበረም፤ የ400 ሺህ 6.5 በመቶን ለ12 ወር ስታካፍሉት ይኸው ነው። ወለድ የሚታሰበው በቀረው ዕዳ ላይ ነው፤ መጀመሪያ ላይ ደግሞ ዕዳው ሁሉ ቀሪ ነው። ወዳጄ 5 ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳያጓድል ወደ 152 ሺህ ዶላር ከከፈለ በኋላ ዕዳው 374 ሺህ ይሆናል። 152 አውጥቶ 26 አይሞላም የቀነሰለት። ከአንድ ወር ክፍያው ውስጥ ለዕዳው የሚሄደው ለወለድ ከሚሄደው የሚበልጠው በ233ኛው ወር፣ በ20ኛው ዓመት ነው። ከ400 ሺሁ ግማሹ ተከፍሎ የሚያልቀው በ22ኛው ዓመት ውስጥ ነው። የዚያን ዕለት ጸበሉ ሲነካው ያለቀሰው የ4 ወር ሕፃን ያኔ ኮሌጅ ይጨርሳል።

ይህ ሁሉ ግን ተጽፎ ይሰጠናል። አበዳሪ የብድሩን ሙሉ ዋጋ ለተበዳሪው እንዲገልጽ ያስገደደው የአሜሪካ ሕግ በፈረንጆቹ የ1968 ነው። ከጥቅምት 2015 ወዲህ ደግሞ ክሎዚንግ ዲስክሎዠር የሚባለው ባለ5 ገጽ ሰነድ ከፊርማው ቢያንስ 3 የሥራ ቀን አስቀድሞ እጃችን መግባት አለበት። ገጽ 5 ላይ አንድ ትንሽ ሠንጠረዥ አለች። እስከ መጨረሻው የምትከፍለው ድምር ስንት እንደሆነ፣ ወለዱ ከተበደርከው ገንዘብ ጋር ሲነጻጸር ስንት በመቶ እንደሚሆን ተጽፎባታል። በወዳጄ ወረቀት ላይ ያ ቁጥር 127.5 ነው። ያየው ዕለት ምን እንዳሰበ ስጠይቀው፣ «የማተሚያ ስህተት መስሎኝ ነበር» አለኝ። ክሎዚንግ ላይ ቁልፍ ሊቀበል የተቀመጠ ሰው ገጽ 5ን አያነብም፤ የሚያየው የት እንደሚፈርም የሚያመለክቱትን ቢጫ ወረቀቶች ነው።

በሰው ከምስቅ የራሴን ጉድ ልናገር።

በፈረንጆቹ 2009 መጨረሻ 280 ሺህ ዶላር ተበድሬ ቤት ገዛሁ፤ በ5 በመቶ። ወርኃዊው 1,503 ነበር። 11 ዓመት፣ 132 ክፍያ፣ አንዱን አላጓደልኩም። በጥር 2021 የ30 ዓመት ብድር አማካይ ወለድ 2.65 በመቶ ገባ፤ የቤት ብድር ድርጅቱ ፍሬዲ ማክ በ1971 መመዝገብ ከጀመረ ወዲህ እንደዚያ ዝቅ ብሎ አያውቅም። ስልኬ አላርፍ አለ። ደዋዩ ሁሉ ሪፋይናንስ አድርግ ይላል። እኔም የቀረኝን 221 ሺህ በ3 በመቶ አዛወርኩት። ክፍያዬ ወደ 932 ወረደ። በወር 571 ዶላር! ያን ሰሞን ያገኘሁትን ሁሉ «ሪፋይናንስ አላደረግህም?» እያልኩ ስመክር ከረምኩ።

ያልነገርኳቸው፣ እኔም ስላላየሁት፣ ሰዓቱን ወደ ኋላ ማዞሬን ነው። አዲሱ ብድር እንደገና የ30 ዓመት ነበር። በ2039 መጨረሻ ላይ የሚያልቀውን ዕዳ ወደ 2051 ገፋሁት። ሂሳቡን የሠራሁት ከሁለት ዓመት በኋላ፣ እንቅልፍ እምቢ ባለኝ አንድ ሌሊት ነው። በድሮው ብድር የቀረኝ 228 ክፍያ ነበር፤ ሲደመር 342,700 ገደማ። በአዲሱ 360 ክፍያ፤ ሲደመር 335,400 ገደማ። ልዩነቱ 7 ሺህ ጥቂት ዶላር። ለክሎዚንጉ ከኪሴ ያወጣሁት 6 ሺህ። ወለዱን ከ5 ወደ 3 ያወረደ ጀግና ትርፉ አንድ የአዲስ አበባ ደርሶ መልስ ቲኬት ሆነ።

ያቺን 1,503 እንደ ድሮዬ መክፈል ብቀጥል ኖሮስ? በ15 ዓመት ከጥቂት ወር ያልቅ ነበር፤ ያተርፈኝ የነበረውም፣ የክሎዚንጉ ወጪ ሳይነሣ፣ ወደ 67 ሺህ ዶላር። 571ዱን በየወሩ አንድ ቦታ አስቀምጬው ቢሆንም ሌላ ወሬ እናወራ ነበር። የት እንደገባ ዛሬ ብትጠይቁኝ አላውቅም። ባለቤቴ ታውቃለች፤ መናገር አትፈልግም።

ወደ ጋሼ ልመለስ። ድምሩን በስልኬ አስልቼ ስነግራቸው ብዙም አልተገረሙም። «ወለድ አገድ ነዋ!» አሉ። ለማታውቁት ወጣቶች፣ ወለድ አገድ ማለት ገንዘብ የቸገረው ገበሬ ማሳውን ለአበዳሪ የሚያስይዝበት ስምምነት ነው፤ አበዳሪው ዋናው ገንዘብ እስኪመለስለት ድረስ ማሳውን እያረሰ ይበላል፤ ምርቱ በወለድ ፋንታ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችንም ደንብ አበጅቶለታል። የጋሼ አባት በክፉ ዘመን አንድ ጥማድ መሬታቸውን እንዲህ ሰጥተው ነበርና፣ «በያመቱ ኅዳር ላይ ሌላ ሰው ነዶአችንን ሲሸከም ቆመን እናያለን» አሉ። «አባቴ ወለዱ ስንት እንደሆነ የሚነግራቸው አላስፈለጋቸውም። እናንተ ግን አርሳችሁ፣ አጭዳችሁ፣ ወቅታችሁ፣ በጆንያ አድርጋችሁ ራሳችሁ ታደርሱለታላችሁ። ስለዚህ አታዩትም።»

አውቶማቲክ ክፍያ የሚባለውን ነገር እንዲህ አድርጎ የገለጸልኝ ሰው ገጥሞኝ አያውቅም። በርግጥ ወለድ አገድ ይብሳል፤ የጋሼ አባት 10 ዓመት ምርታቸውን ቢያስበሉም ከዋናው ዕዳ ሰባራ ሳንቲም አይቀነስላቸውም። የወዳጄ ዕዳ፣ ቀስ ብሎም ቢሆን፣ ይቀልጣል።

እዚህ ላይ የሚከራከረኝ እንዳለ አውቃለሁ፤ ራሴም ከራሴ ጋር ተከራክሬያለሁ። ኪራይ ወለድ የለውም እንጂ 30 ዓመት ከፍለህ በር እጀታ እንኳ አይተርፍህም። ዶላሩም ቢሆን ያው ዶላር ሆኖ አይቆይም፤ በሰኔ 2022 እዚህ አገር የዋጋ ንረት 9.1 በመቶ ደርሶ ነበር፤ የማይለዋወጥ ወርኃዊ ክፍያ ግን ንቅንቅ አይልም። ይህን ከማንም በላይ የምታውቀው አዲስ አበባ ያለችው እህቴ ናት። በ1997 ዓ.ም. ተመዝግባ በ20/80 ኮንዶሚኒየም ደረሳት። ያኔ የባንክ ክፍያው የደመወዟን ሲሶ እየወሰደባት ታለቅስ ነበር፤ ዛሬ ያው ብር አንድ የአስቤዛ ዘንቢል አይሞላም። ዕዳዋን የበላላት ንረቱ ነው፤ ያው ንረት ግን እስከ ዛሬ ዕጣ ያልወጣለትን ተመዝጋቢ ቁጠባ ደግሞ ጨርሶታል። ስለዚህ 910 ሺህ ያልኩት ሁሉም በዛሬ ዶላር ተመን እንዳልሆነ አምናለሁ። በመጨረሻው ዓመት የሚከፈለው 2,528 የዛሬውን ያህል አያምም። ይህ ግን ደመወዝ አብሮ ሲያድግ ነው፤ ከኤርፖርት ሰው እያመላለሰ የሚኖረውን ወዳጄን ስለ ገቢው ዕድገት ብጠይቀው የሚመልስልኝን እዚህ አልጽፈውም።

«ወለዱ ከታክስ ይቀነሳል» የሚለውም በየቡናው የሚባል ነው። የተሟላ እውነት ሆኖ አያውቅም፤ በ2017 የወጣው የታክስ ሕግ ለማንም ያለ ደረሰኝ የሚፈቀደውን ተቀናሽ እጥፍ ሊያደርገው ትንሽ ሲቀረው ደግሞ ለብዙ ቤተሰብ ጥቅሙ ጠፋ። የሚጠቀመውም ቢሆን 1 ዶላር ወለድ ከፍሎ፣ በ22 በመቶ እርከን ላይ ካለ፣ 22 ሳንቲም ያስመልሳል። 78 ሳንቲሙን ማን ይመርቅለት?

ከወለዱ ውጪ ያለውን ሁሉም ሰው ስለደረሰበት ያውቀዋል፤ በያመቱ ለግብርና ለኢንሹራንስ የሚያዘው ኤስክሮው አነሰ የሚል ደብዳቤ፣ ቅድሚያ ክፍያው ከ20 በመቶ ሲያንስ አበዳሪውን የሚጠብቅ አንተ ግን የምትከፍለው ኢንሹራንስ፣ ጣሪያው፣ ቦይለሩ። የቤት ግብሩ ዕዳው ካለቀም በኋላ ይቀጥላል።

እንግዶቹ ወጣ ወጣ ሲሉ ወዳጄና ባለቤቱ ኩሽና ውስጥ ያዙኝ። ፊታቸው ጠቁሯል፤ በምርቃታቸው ቀን ይህን ማምጣቴ እኔንም ቆጭቶኛል። «ታዲያ ምን እናድርግ? እንሽጠው?» አለችኝ እሷ። ሳቅሁ። ቤቱ ጥሩ ቤት ነው፤ ትምህርት ቤቱ በእግር ይደረሳል። ሊለወጥ የሚችለው 360 የሚለው ቁጥር ብቻ ነው። ብድሩ በጊዜው ሳይደርስ ቢከፈል ቅጣት እንደሌለው ወረቀቱ ላይ አየን። ከዚያ የጓደኞቻቸው እቁብ ትዝ አለኝ፤ ሲደርሳቸው 10 ሺህ ዶላር ነው፤ ለአዲስ ሶፋና ለትልቅ ቴሌቪዥን ታስቦለታል።

ስልኬ ላይ አሰላሁት። ያ 10 ሺህ በመጀመሪያው ዓመት መጨረሻ ላይ በአንድ ጊዜ፣ ለዋናው ብድር ብቻ ተብሎ በግልጽ ተጽፎ ቢገባ፣ ከመጨረሻዎቹ ክፍያዎች 24ቱን ያስቀራል። 61 ሺህ ዶላር ገደማ። ያው እቁብ በ20ኛው ዓመት ቢገባ ግን የሚያስቀረው ከ7 ወር ብዙም አይበልጥም፤ ወለድ እንዲበላው ብዙ ዕድሜ የለውምና። በእኔ የ3 በመቶ ብድር ላይም እንዲሁ አያጣድፍም፤ በ6.5 ላይ ግን ያጣድፋል።

ወዳጄ ባዶውን ሳሎን፣ ሶፋው ይቀመጥበታል የተባለውን ጥግ፣ ዞር ብሎ አየ። ያን ዕለት እንግዳው ሁሉ የተቀመጠው ከቤተ ክርስቲያን በተዋሱት ታጣፊ ወንበር ላይ ነበር። ባለቤቱ እጇን በፎጣ እያደረቀች ስልኬን ተቀበለችኝና ቁጥሩን ደግማ አየችው።

«እቁቡ የሚደርሰን» አለችው፣ «ስንተኛው ወር ላይ ነበር?»