መስካሪ ከመጋበዛችን በፊት



በኅዳር ወር የዓለም የኤድስ ቀን ሲታሰብ ማኅበራችንም ነዋሪውን ሰብስቦ ትምህርት ለማሰጠት አቅዷል። በስብሰባችን ላይ ቫይረሱ በደሙ ያለበት የሠፈራችን ሰው መድረክ ላይ ወጥቶ ኑሮውን ይናገር የሚል ሐሳብ ቀርቧል። ሐሳቡን እንደግፋለን። ግን አስቀድመን የምንለው አለን።

በሽታው በአገራችን ሕሙማን ላይ እ.ኤ.አ. በ1986 ከታወቀ በኋላ ለብዙ ዓመታት ቅስቀሳው በአብዛኛው ማስፈራራት ነበር። ታዲያ ሕዝቡ ፈርቶ ምን አደረገ? በሽተኛውን ሸሸ። ስኒ ተለየ፤ ቡና ላይ መጠራራት ቀረ፤ ተከራይም ዕቃው ደጅ ወጣ። ያንን ፍርሃት በመስበር ረገድ ትልቁን ድርሻ የተወጡት ፊታቸውን ሳይሸፍኑ «እኔ ነኝ» ብለው የወጡት ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1997 መቅድም፣ በ1998 ደግሞ የተስፋ ጎህ ተቋቁመው አባሎቻቸው ሕዝብ ፊት ቆመው መሰከሩ። መድኃኒቱ በነፃ መሰጠት የጀመረው እኮ እ.ኤ.አ. በ2005 ነው! እነዚያ ሰዎች የሚድኑበት ነገር ሳይኖራቸው ነው ለእኛ የተናገሩት፤ መድኃኒቱ ሳይደርስላቸው ያለፉም ብዙ ናቸው።

ዛሬ የሚነገረው ሌላ ነው። መድኃኒቱን በሥርዓት የሚወስድና ቫይረሱ በምርመራ የማይታይበት ደረጃ የደረሰ ሰው በግብረ ሥጋ ግንኙነት አያስተላልፍም። እናትም በሕክምና ክትትል ከቫይረሱ ነፃ የሆነ ልጅ ትወልዳለች። ይህን ከወረቀት ከሚያነብ ሰው ይልቅ ከኖረበት ሰው አፍ ስንሰማው እናምናለን።

ነገር ግን ተናጋሪው ግማሽ ሰዓት ተናግሮ ሲጨርስ ወደዚሁ ሠፈር ነው የሚመለሰው። እኛ አጨብጭበን ስንበተን እሱ አከራዩ ዘንድ፣ ልጆቹም ትምህርት ቤት ይገባሉ። ስለዚህ ማንም ሰው በይሉኝታም ሆነ በልመና እንዳይገፋ። የሚናገረውንና የማይናገረውን ራሱ ይወስን። በስልክ መቅረጽ ክልክል ይሁን፤ በየቴሌግራሙ ከተበተነ ማን ይሰበስበዋል? አሟሟቱን እንጂ አኗኗሩን ለመስማት የማይፈልግ ጠያቂም ካለ ሰብሳቢው ያስቁመው። ከሠፈራችን ፈቃደኛ ካልተገኘ ከውጭ እንጋብዛለን፤ ምንም አይጎድልብንም።

መናገር የሚፈልግ ሰው ለኮሚቴው መምጣት የለበትም፤ ጤና ጣቢያ ለሚከታተሉት ነርስ ቢነግር ይበቃል። ስሙ በቃለ ጉባኤያችን ላይ አይጻፍም።

የማኅበሩ ጽሕፈት ቤት