የክትባት ጉዳት በመዝገብ ላይ ይጻፍ



ከኮቪድ ወረርሽኝ ወዲህ በቤተ ክርስቲያን ግቢም፣ በለቅሶ ቤትም አንድ ክርክር ሲደጋገም እሰማለሁ። «ሆስፒታሎች ለክትባት ጉዳት የተለየ ኮድ አላቸው፤ ኮድ ካለ ጉዳት አለ ማለት ነው፤ እያወቁ ደብቀውናል» ይላል። እኔ እዚህ ሜሪላንድ ውስጥ የምተዳደረው በሕክምና ኮድ ሥራ ነው። ሐኪሙ የጻፈውን አነብና ለእያንዳንዱ ሕመም በዓለም አቀፉ የበሽታዎች ምደባ መሠረት ኮድ እሰጣለሁ። ስለዚህ ነገሩን በቅርብ የሚያውቅ ሰው ዝም ማለት የለበትም ብዬ ጻፍኩላችሁ።

ኮዱ አዲስም ስውርም አይደለም። እ.ኤ.አ. ከ1979 ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው ዘጠነኛው የምደባ እትም እንኳ በክትባት ሳቢያ ለሚደርስ ጉዳት ቦታ ነበረው። አሥረኛው እትም፣ አይሲዲ-10 የምንለው፣ ዋይ58ን ለባክቴሪያ ክትባቶች፣ ዋይ59ን ለሌሎቹ ሰጥቷል። በ2021 የዓለም ጤና ድርጅት ለኮቪድ ክትባት ብቻ የሚሆን ኮድ የጨመረው አዲሱን ክትባት ከቀድሞዎቹ ለይቶ ለመከታተል ነው። ለፔኒሲሊንም ለአስፕሪንም እንዲሁ የጉዳት ኮድ አለ። ጉዳት ሊያደርስ የሚችልን ነገር ሁሉ መመዝገቢያ ማዘጋጀት የጤና ሥርዓት ሥራ ነው፤ ማንም ገብቶ ሊያነበው ይችላል።

እኔን የሚያስጨንቀኝ ኮዱ በሚያስፈልግበት ጊዜ ሳይጻፍ መቅረቱ ነው። አንድ ምሳሌ ልስጥ። ሕፃኑ በዓመቱ የኩፍኝን ጥምር ክትባት ይወስዳል። በአሥረኛው ቀን ገደማ ድንገት ያተኩሰውና ይንዘፈዘፋል። ይህ ከክትባቱ ጋር ሊያያዝ እንደሚችል የታወቀ ነገር ነው፤ ከ3,000 እስከ 4,000 ከሚሆኑ ሕፃናት አንዱን ያጋጥመዋል፤ በአብዛኛው ዘላቂ ጉዳት ሳያስከትል ያልፋል። ነገር ግን አሥር ቀን ስላለፈ እናትየው ክትባቱን አታስታውሰውም፤ ድንገተኛ ክፍል ያለው ሐኪምም አይጠይቃትም። መዝገቡ ላይ «በትኩሳት ሳቢያ መንዘፍዘፍ» ብቻ ይሰፍራል። በአሜሪካ አሠራር ግን ሕመሙ ከተጻፈ በኋላ ክትባቱን የሚያመለክት በቲ50 የሚጀምር ሁለተኛ ኮድ ሊከተል ይገባ ነበር። ይህ ሁለተኛ ኮድ ከሌለ በሽታውን ከክትባቱ ጋር የሚያገናኘው ክር ተበጠሰ ማለት ነው።

«ታዲያ አንተ ለምን አትጨምረውም?» የሚለኝ ሰው አለ። አልችልም። መመሪያችን ሐኪሙ ራሱ «ይህ የመጣው በክትባቱ ሳቢያ ነው» ብሎ ካልጻፈ ኮድ የሚሰጠው ሰው በግምት እንዲያያይዝ አይፈቅድም። ልክም ነው፤ እኔ ሕፃኑን አልመረመርኩትም። ማድረግ የምችለው ለሐኪሙ ጥያቄ መላክ ነው። እሱ ደግሞ ብዙ ሕመምተኛ ይጠብቀዋል፤ ያ ሁለተኛ ኮድም ብዙ ጊዜ በሂሳቡ ላይ ለውጥ ስለማያመጣ የሚያጣድፈው አይኖርም። በዚህ መሐል ስንቱ ነገር ሳይጻፍ ይቀራል!

አንዳንድ የሙያ ባልደረቦቼ ደግሞ ከቅን ልብ በመነጨ ስጋት «የክትባት ጉዳት እያልን ባበዛን ቁጥር ሰው ልጁን ማስከተብ ይተዋል» ይላሉ። ከእነሱ ጋር ፈጽሞ አልስማማም። የሮታሺልድን ታሪክ ያስታውሱ። ይህ ሕፃናትን ከሮታቫይረስ ተቅማጥ የሚከላከል ክትባት አሜሪካ ውስጥ በ1998 ተፈቀደ። በዓመቱ ቬርስ ወደሚባለው የክትባት ጉዳት ሪፖርት መቀበያ 15 ሪፖርቶች ገቡ፤ ክትባቱን የወሰዱ ሕፃናት የአንጀታቸው ክፍል ወደ ሌላው እየገባ ይዘጋል የሚሉ። 15 ብቻ! በእነዚያ ሪፖርቶች የተነሣ የአሜሪካው የበሽታ መቆጣጠሪያና መከላከያ ማእከል (ሲዲሲ) በሐምሌ 1999 ክትባቱ እንዲቆም አሳሰበ፤ በዚያው ዓመት ከገበያ ወጣ። ከእሱ በኋላ አሜሪካ ውስጥ የመጡት የሮታቫይረስ ክትባቶች እያንዳንዳቸው ከ60,000 በላይ በሆኑ ሕፃናት ላይ ተፈትነው ነው የጸደቁት። ኢትዮጵያም በ2013 ለልጆቿ መስጠት የጀመረችው ከእነዚህ ክትባቶች አንዱን ነው። ያ ሁሉ የሆነው ጥቂት ሰዎች ያዩትን ስለጻፉ ነው።

ሳይጻፍ ወይም ተድበስብሶ ሲቀር የሚሆነውን ደግሞ ሳሞዋ አሳይታናለች። በሐምሌ 2018 በዚያች የፓስፊክ ደሴት አገር ሁለት ሕፃናት የኩፍኝ ጥምር ክትባት በተወጉ በደቂቃዎች ውስጥ ሞቱ። ወሬው ወዲያው «ክትባቱ ገደላቸው» ሆነ፤ መንግሥትም ክትባቱን ለወራት አቋረጠ። በኋላ እንደተረጋገጠው ግን ነርሶቹ የክትባቱን ዱቄት በመበጥበጫው ውሃ ፈንታ በቀዶ ሕክምና ጊዜ ጡንቻን ሽባ በሚያደርግ መድኃኒት ነበር የበጠበጡት። ክትባቱ ምንም አልነበረበትም። በእኛ አመዳደብ እንዲህ ያለው ሞት የክትባት ጉዳት ሊባል አይችልም፤ የጉዳት ኮድ የሚሰጠው ትክክለኛው መድኃኒት በትክክለኛው መንገድ ተሰጥቶ ችግር ሲያመጣ ብቻ ነው። የተሳሳተ መድኃኒት ከተሰጠ «በስሕተት የደረሰ መመረዝ» ተብሎ በሌላ ኮድ፣ በዚያው ጡንቻ አልፈስፋሽ መድኃኒት ስም ይመዘገባል። ይህ ልዩነት ለሕዝቡ ቶሎና በግልጽ አልደረሰም። ወላጆች ፈሩ፣ ልጆች ሳይከተቡ ቀሩ፤ በ2019 ኩፍኝ ገባና 83 ሰዎች ሞቱ፤ አብዛኞቹ ከአምስት ዓመት በታች ያሉ ሕፃናት ነበሩ። ነርሶቹ ፍርድ ቤት ቀርበው ታስረዋል። የ83ቱን ሕይወት ግን ማን ይመልሳል?

ስለዚህ በትክክል የተጻፈ ኮድ ክትባቱን ያስመሰግናል እንጂ አያስወቅስም። ጥፋቱ የማን እንደሆነ፣ ወይም ምንም ጥፋት እንደሌለ ለይቶ ያሳያል። የዓለም ጤና ድርጅት ከክትባት በኋላ የሚደርስን ችግር በአምስት ይከፍለዋል፦ ከክትባቱ ጠባይ የመጣ፣ ከአመራረቱ ጉድለት የመጣ፣ ከአሰጣጡ ስሕተት የመጣ፣ መርፌ ከመፍራት የመጣ፣ እንዲሁም በአጋጣሚ የተገጣጠመ። ለምሳሌ በኢትዮጵያ ጎረቤት በደቡብ ሱዳን በ2017 በኩፍኝ ዘመቻ 15 ሕፃናት የሞቱት አንድ መርፌ ለአራት ቀን ሲበጠበጥበት ስለዋለና ክትባቱ ያለ ማቀዝቀዣ ስለተቀመጠ ነበር። ያም ከአሰጣጥ የመጣ ነው። ቬርስን በሚመለከትም አንድ ነገር ልጨምር፤ ማንም ሰው ሪፖርት ሊልክበት ይችላል፤ እዚያ የተመዘገበ ሁሉ በክትባቱ ሳቢያ መሆኑ ተረጋግጧል ማለት አይደለም። የሪፖርቱን ብዛት ብቻ እየጠቀሱ ፍርድ የሚሰጡ ሰዎች ይህን ቢያጤኑት ይበጃል።

ለወገኖቼ አንድ ተግባራዊ ነገር ላስታውስ። አሜሪካ ውስጥ በመደበኛ ክትባቶች ሳቢያ ለተጎዳ ሰው ካሣ የሚሰጥ የፌዴራል ፕሮግራም ከ1988 ጀምሮ አለ። ለጉዳት የሚቀርብ ማመልከቻ የመጀመሪያው ምልክት ከታየ በሦስት ዓመት ውስጥ መግባት አለበት፤ የሚመረመረውም ሐኪሙ የጻፈው መዝገብ ነው። መዝገቡ ዝም ካለ ቤተሰቡ የሚያሳየው ነገር የለውም።

ስለዚህ ልጃችሁን ሐኪም ዘንድ ስትወስዱ የክትባት ካርዱን ያዙ፤ ባይጠይቋችሁም «በዚህ ቀን ይህን ክትባት ወስዷል» ብላችሁ ተናገሩ፤ ሐኪሙም እንዲጽፈው ጠይቁ። በአገር ቤት ያላችሁ ነርሶችና የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኞች፣ ከሳንባ ነቀርሳው ክትባት ከቢሲጂ በኋላ ብብት ሥር የወጣ ንፍፊትም ይሁን ከባድ አለርጂ፣ ያያችሁትን ለኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን ሪፖርት አድርጉ። ሐኪሞች ሆይ፣ «በክትባቱ ሳቢያ» ወይም «ከክትባቱ ጋር የማይያያዝ» የሚለውን አንድ ሐረግ ጻፉልን፤ የቀረውን እኛ እንሠራዋለን።

አንባቢያችሁ፣
ከሜሪላንድ